አልለካ ያለን መሥሪያ ቤት ፍርድ ቤት ያስለካልኛል? (መነሻው ጥያቄና እስከ መልስ 29 የተባለው)

ጤና ይስጥልኝ። ጥያቄዬ አጭር ነው፣ ታሪኩ ግን ረዘም ይላል።

እናቴ አዲስ አበባ ዳር ካርታ ያለው ይዞታ አላት። አባቴ ካረፈ ወዲህ ግቢውን የምትጠብቀው እሷ ናት። በሐምሌ 2015 ዝናቡ የቁልቋል አጥራችንን በአንድ ጎን ሲጥለው ጎረቤታችን እኔ አጥርልሻለሁ ብሎ በራሱ ወጪ ቆርቆሮ አቆመ። እማዬ መረቀችው፣ ቡና አፍልታ ጠራችው። ክረምቱ ወጥቶ ልብስ ልታሰጣ ስትወጣ የማስጫው ገመድ የሚታሰርበት ባሕር ዛፍ ከቆርቆሮው ማዶ ቆሟል። ገመዱ በቆርቆሮው ላይ አልፎ ሰው ግቢ ገብቷል።

ጥቅምት 12 ቀን 2016 ወሰኑ በካርታችን መሠረት ተለክቶ እንዲታወቅልን ለሚመለከተው የክፍለ ከተማ መሥሪያ ቤት ማመልከቻ አስገባን። ዛሬ ታኅሣሥ 2017 ነው፣ አሥራ አራት ወር አለፈ። ቀያሹ መስክ ነው፣ ማኅደሩ አልተገኘም፣ ሲስተም የለም፣ ከበዓል በኋላ ነይ ተብያለሁ። የቀያሹን ኮት ከራሱ ይልቅ አውቀዋለሁ። ቡናማ ነው፣ ክርኑ ላይ ተጥፏል፣ ከወንበሩ ተነሥቶ አያውቅም። እምቢ ያለኝ ሰው የለም፣ እሺ ያለኝም የለም።

ፍርድ ቤት ሄጄ ለኩ በሉልኝ ማለት እችላለሁ? ወይስ በመንግሥት ሥራ አንገባም ብለው ይመልሱኛል?

(ከዚህ በታች ያለውን የጨመርኩት ከሦስት ሳምንት በኋላ ነው። መልሱ በዝቶ አዲስ የሚገባ ሰው ያንኑ ጥያቄ እየደጋገመ ስላስቸገረ፣ የተባለውን በቁጥሩ እየጠራሁ በራሴ አነጋገር አስቀምጫለሁ። የተሳሳትኩት ካለ አርሙኝ።)

መልስ 1 እግዜር ያበርታሽ ብሎ ከመረቀኝ በኋላ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀ፤ ማመልከቻው ገቢ ተደርጎ ቁጥርና ማኅተም ያረፈበት ቅጂ በእጄ አለ ወይ? እሱ ከሌለ ዳኛ ፊት አሥራ አራት ወር ጠበቅሁ ማለት ወሬ ነው ባይ ነው። እኔ አለኝ። እማዬ ከአባቴ የጡረታ ደብተር ጋር በፌስታል ጠቅልላ ሳጥን ውስጥ አስቀምጣዋለች።

መልስ 2 በሁለት መስመር የሻይ ስጪና ተገላገይ የሚል ነበር። መልስ 3 በዚህ ምክር ተቆጣ። ገንዘብ ሰጥቶ የተለካ ልኬት ነገ ጎረቤትሽ የበለጠ ሰጥቶ ያስለካዋል፣ ያኔ ምን ልትዪ ነው አለ። መልስ 2 ተመልሶ አልመጣም።

መልስ 4 የሕግ ሰው መሆኑ ከአጻጻፉ ያስታውቃል፣ ተስፋዬንም የቆረጠው እሱ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ማንም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት አለው ቢልም፣ ቁልፉ በፍርድ ሊወሰን የሚገባው የምትለው ሐረግ ላይ ነው ይላል። ካርታ መስጠት፣ መለካት፣ ማምከን የአስተዳደሩ ሥራ ስለሆነ ፍርድ ቤቶች እንዲህ ያለውን ክስ ከደጅ እንደሚመልሱ፣ እሱ ራሱ የያዛቸው ሁለት መዝገቦች በመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ፣ ማለትም ፍሬ ነገሩ ሳይታይ፣ እንደተዘጉበት ተረከ። ሁለቱም ካርታ ይሰጠኝ የሚሉ ክሶች ነበሩ። ይህቺን ነጥብ ያዙልኝ፣ ኋላ ትመጣለች።

መልስ 5 መልስ 4ን በአክብሮት ነው ያረመው። ስለ 2012 ዓ.ም. በፊት ከሆነ የምታወራው ልክ ነህ፣ ከዚያ ወዲህ ግን የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 አለ ብሎ ጀመረ። አዋጁ የፌዴራል አስፈጻሚ አካላትን ብቻ ሳይሆን የአዲስ አበባንና የድሬዳዋን አስተዳደር መሥሪያ ቤቶችም ይነካል። አንድ ተቋም የሰጠው ውሳኔ በፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት እንዲከለስ መጠየቅ ይቻላል፣ ግን መጀመሪያ በራሱ በተቋሙ ያለውን የቅሬታ መንገድ መጨረስ ያስፈልጋል። ቅሬታ ሰሚ ሄደሻል ወይ ሲለኝ አፈርኩ። አሥራ አራት ወር ሙሉ አንድ ኮት ፊት ስቀመጥ ሁለት ክፍል አልፎ ያለውን በር አላንኳኳሁም።

መልስ 6 ወዲያው ተከተለና ችግሩ እሱ አይደለም አለ። አዋጁ ውሳኔን ነው የሚከልሰው፣ እዚህ ግን ውሳኔ የለም፣ ዝምታ ነው ያለው። ዝምታን ይዘሽ ምን ትከሰሻለሽ? መልስ 7 ደግሞ አለመወሰንም መወሰን ነው፣ ሰውን በማስጠበቅ መብቱን የሚያሳጣ መሥሪያ ቤት እምቢ ካለው በምን ይለያል ብሎ ተነሣ። ሁለቱ እስከ መልስ 10 ድረስ ተጋጠሙ። መጀመሪያ ወንድሜ ይባባሉ ነበር፣ በመጨረሻው ላይ አንደኛው ሌላውን የሕግ ትምህርቱን በፌስቡክ እንደጨረሰ ነገረው። ከጠቡ መሐል ግን ቁም ነገር ወጣ። ዝምታውን ወረቀት አድርጊው የሚል ነበር፣ እሱን ያለው ደግሞ መልስ 6 ራሱ ነው። ለቅሬታ ሰሚው በጽሑፍ አመልክቺ፣ ማመልከቻውን ያስገባሽበትን ቀንና ቁጥር ጥቀሺ፣ ተቋሙ ምክንያቱ የሰፈረበት ውሳኔ በጽሑፍ እንዲሰጥሽ ጠይቂ። ቢመልሱም ባይመልሱም ከዚያ በኋላ እጅሽ ባዶ አይደለም።

መልስ 11 ከምሥራቅ ጎጃም ነው። የሁላችሁም ክርክር ለእኔ አይሠራም፣ እኛን የሚያስተዳድረን የክልል ሕግ ነው ብሎ የራሱን አወጋ። በመጀመሪያው ዙር የገጠር መሬት ምዝገባ ለአባቱ የተሰጠው ደብተር ላይ ካርታ የሚባል የለም። በምሥራቅ እገሌ፣ በምዕራብ ወንዝ፣ በሰሜን መንገድ እየተባለ አዋሳኝ ብቻ ነው የተጻፈበት፣ ስፋቱም በገመድ ተለክቶ አራት ቃዳ ተብሏል። አራት ቃዳ እንግዲህ አንድ ሄክታር መሆኑ ነው። በሁለተኛው ዙር በአየር ፎቶ ላይ ሲሰመር ግን ሦስት ቃዳ ተኩል እንኳ አልሞላም። የት ሄደ? ወንዙ አቅጣጫ ቀይሮ አንድ ጎኑን በልቶታል፣ የቀረውን የበላው አዋሳኙ ይሁን የገመዱ መርገብ የሚያውቅ የለም። ድጋሚ ልኬት ጠይቆ ሁለት ክረምት አለፈበት። በቀበሌው የመሬት ኮሚቴና በሽማግሌ አለፈና በመጨረሻ ወረዳ ፍርድ ቤት ሄደ። የከሰሰው ግን መሬት አስተዳደሩን አይደለም፣ አዋሳኙን ነው። ዳኛዋ በሁለተኛው ቀጠሮ መሬት አስተዳደሩ ባለሙያ ልኮ ለክቶ ውጤቱን በጽሑፍ ያቅርብ ብላ አዘዘች። ሁለት ዓመት ያልመጣው ቀያሽ በአሥራ አንድ ቀን መጣ።

ይህን ሳነብ ካለሁበት ተነሥቼ ቆምኩ። ሁላችንም መሥሪያ ቤቱን እንዴት እናስገድደው እያልን በፊት ለፊት በር ስንገፋ፣ ሰውየው በጓሮ ዞሮ ገብቷል። ልኬቱን እንደ ዳኝነት አልጠየቀም፣ እንደ ማስረጃ ነው ያስመጣው።

መልስ 12 ይህንኑ ያጠናከረ ነው፣ ከሁሉም ይልቅ ያስደነገጠኝም እሱ ነው። ይዞታዬ ውስጥ ገባብኝ ብሎ ጎረቤትን መክሰስ በከተማ የሁከት ይወገድልኝ ክስ ይባላል፣ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 ላይ ነው ያለው ብሎ፣ አጥሩ መቼ ነው የቆመው ሲል ጠየቀ። በሐምሌ 2015 ካልሽ እስከ ሐምሌ 2017 ብቻ ነው ጊዜ ያለሽ፣ ሁከቱ ከተነሣ ሁለት ዓመት ካለፈ ይህ ክስ በይርጋ ይታገዳል። እኔ በወንበር ላይ ኮት ስጠብቅ ሰዓቱ እየቆጠረ ነበር። እንዲያውም እንዲህ ያለው መጓተት የሚጠቅመው ለማን እንደሆነ አስቢው ብሎ ጨመረ። ጎረቤቴን መጠርጠር አልወድም። እሱም ይህን ሕግ የሚያውቅ አይመስለኝም። ግን ሌሊቱን አልተኛሁም።

መልስ 13 ይህ ክስ የከተማው ፍርድ ቤት ነው ወይስ የፌዴራሉ የሚለውን አነሣ። የከተማው ቻርተር፣ አዋጅ ቁጥር 361/1995፣ ከመሪ ፕላን ጋር የተያያዘ የይዞታ ክርክርን ለከተማው ፍርድ ቤት ሰጥቷል፣ እንዲህ ያለው ተራ የአጥር ጠብ ግን ከመሪ ፕላን ምን አገናኘው እያለ ሄደ። እዚህ ላይ አልቆይም፤ ጠበቃ ጠይቂ የሚለው ላይ ሁሉም ተስማምተዋል።

መልስ 14 የመጣው ራሱ ቀያሽ ከሆነ ሰው ነው፣ የእኛ መሥሪያ ቤት ግን አይደለም። ሲጀምር ተለሳልሶ ነበር። አንድ ቶታል ስቴሽን የሚባል የመለኪያ መሣሪያ ለሦስት ሰው፣ መኪና ካለ ነዳጅ የለም፣ ነዳጅ ሲገኝ መኪናው ለስብሰባ ይሄዳል። በዚያ ላይ በአዋጅ 818/2006 መሠረት የሚካሄደው ስልታዊ የከተማ ይዞታ ምዝገባ ቀጠና በቀጠና ስለሆነ ባለሙያውን ሁሉ ይዞ ይሄዳል፣ በግል የሚመጣ የወሰን ጥያቄ ወደ ኋላ ይገፋል። ከዚያ ሌላ ቦታ ያላነበብኩትን ነገር አስረዳ። የቆዩት የአዲስ አበባ ካርታዎች ላይ ያለው ኮርድኔት፣ ማለትም ማዕዘኖቹ ያሉበትን ቦታ የሚናገረው ቁጥር፣ በአዲንዳን ሥርዓት የተወሰደ ነው። መነሻ ነጥቡ ሱዳን ውስጥ ያለ፣ በአባይ ተፋሰስ ጥናት ዘመን ወደ እኛ የተዘረጋ የልኬት መረብ ነው። የዛሬው ጂፒኤስ የሚሠራው ደግሞ በሌላ ነው። ሳይቀይር ዝም ብሎ ቁጥሩን የሚያስገባ ቀያሽ የእናትሽን ቤት ከመቶ ሜትር በላይ አሽሽቶ ሰው ሳሎን ውስጥ ያስቀምጠዋል አለ። ስለዚህ ቀያሽ ሲፈራ ሁሌ ጉቦ ፈልጎ አይምሰልሽ፣ አንዳንዴ የሚፈርመውን ወረቀት ፈርቶ ነው።

ቀጥሎ ምክር ሰጠኝ፤ የወሰን ድንጋዩን ፈልጊ። በዚያ ዘመን ካርታ ሲሰጥ አራቱ ማዕዘን ላይ ድንጋይ ወይም የሲሚንቶ ችካል ይቀበር ነበር። ካገኘሽው እንዳትነኪው፣ ፎቶ አንሺና አፈሩን መልሺበት፤ የወሰን ምልክት ማንቀሳቀስ በወንጀል ያስጠይቃል።

መልስ 15 ቀያሹን አልማረውም። ነዳጅ የለም የምትሉት ለድሃ ብቻ ነው፣ ባለሀብት ሲጠራችሁ በማግስቱ ሜዳውን ችካል ትተክሉበታላችሁ ብሎ ዘለፈው። መልስ 16 ደግሞ የመልስ 15ን ቋንቋ ነቀፈ፣ መልስ 17 የመልስ 16ን ጨዋነት አሾፈበት። ቀያሹ በመልስ 18 ላይ አሥራ ሰባት ዓመት ሠርቶ የሚኖረው በኪራይ ቤት መሆኑን ብቻ ጽፎ ወጣ። አዝኛለሁ። ከሁሉ የሚጠቅመውን የነገረኝ እሱ ነበር።

መልስ 19 ከሜሪላንድ ናት። የወንድሟ ጉዳይ ከእኔ ጋር አንድ ነው፣ ውክልና ልካለት ጠበቃ ሲቀጥር ውክልናው ለክስ አይሆንም ተብሎ ተመለሰ። መልስ 20 ምክንያቱን ነገራት፤ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2205 መሠረት መክሰስና ለክስ መልስ መስጠት ልዩ ውክልና ይፈልጋል፣ ጉዳዬን ሁሉ ይከታተልልኝ የሚል ጠቅላላ ቃል አይበቃም። ከዚያ ወዲያ ወሬው ስለ ኤምባሲ ሰልፍ ሆነና ስለ ቀጠሮ፣ ስለ አሻራ፣ ስለ ፖስታ አራት መልስ ተጻፈ። ዘልዬዋለሁ።

መልስ 25 ሕንድ አገር ተምሮ የመጣ ሰው ነው። እዚያ የመሬት ልኬት ጥያቄውን ቢሮ የዘጋበት ገበሬ በሕገ መንግሥታቸው አንቀጽ 226 ለክፍለ ሀገሩ ከፍተኛ ፍርድ ቤት አመልክቶ ባለሥልጣኑ ግዴታውን እንዲወጣ ትእዛዝ ያሰጣል፣ ማንዳመስ ይሉታል፣ የተለመደ ነገር ነው አለ። እኛ አገር ሰው የሚሳሳተው ግን እዚህ ላይ ነው ብሎ ቀጠለ። የሕንዱ ዳኛ ይህ መሬት የገበሬው ነው አይልም። ማመልከቻው ደርሶሃል፣ አዋሳኞቹን ጠርተህ፣ ሰምተህ፣ በዚህን ያህል ሳምንት ወስን ነው የሚለው። ገበሬው ትእዛዙን ይዞ ሲመጣ የተለካው መሬት አንሶ የተገኘበት ጊዜም አለ።

ይህን ያነበበው መልስ 4፣ ያ ተስፋዬን የቆረጠው፣ በመልስ 26 ተመለሰ። ደንበኞቼ የተሸነፉት በዚህ ነው ብሎ አመነ። ካርታ ይሰጠኝ ነበር ያሉት፣ ፍርድ ቤቱ በአስተዳደሩ ቦታ ተቀምጦ ካርታ እንዲሰጥ ነው የጠየቁት። ጥያቄዬ ውሳኔ ይሰጥበት ቢሉ ኖሮ ነገሩ ሌላ መልክ ይኖረው እንደነበር አሁን ይታየዋል። እኔንም መከረኝ፤ አቤቱታሽ ላይ ይሰጠኝ የሚል ቃል እንዳይገኝ፣ ተለክቶ ውጤቱ በጽሑፍ ይገለጽልኝ በይ። ልኬቱ ጎረቤትሽን ትክክል ሊያደርገው ይችላል፣ ይህን ለመቀበል ዝግጁ ካልሆንሽ ግን አትጀምሪው። ሰው በአደባባይ ተሳስቼ ነበር ሲል ማየት እዚህ ቤት ብርቅ ነው፣ ስለዚህ ምስጋናዬ ይድረሰው።

ስለ ትእዛዙ አፈጻጸም የጠየቅሁትንም የመለሰልኝ እሱ ነው። ትእዛዝ ተሰጥቶ ባይፈጸም የአፈጻጸም መዝገብ ይከፈታል፣ ኃላፊው በአካል ቀርቦ እንዲያስረዳ ይታዘዛል። ብዙ ጊዜ ሥራው የሚሠራው ከመጥሪያው ማግስት ነው ይላል፣ ዳኛ ፊት ቆሞ ነዳጅ የለም ማለት አያኮራምና።

መልስ 27 እንባ ጠባቂ ተቋም ሂጂ የሚል ነው። በአዋጅ 211/1992 የተቋቋመው ለአስተዳደር በደል ነው፣ ገንዘብም አይጠይቅም። የእሱ አክስት በዚያ በኩል መልስ አግኝታለች፣ ቶሎ ባይሆንም። ተቋሙ ግን እንደ ፍርድ ቤት አያዝም፣ የመፍትሔ ሐሳብ ነው የሚሰጠው። ሐምሌን ለምጠብቅ ለእኔ ብቸኛ መንገድ ሊሆን አይችልም፣ ጎን ለጎን ግን ይሞከራል።

መልስ 28 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 40 አንብቡ፣ በማታዘዙበት ነገር ምን ያጣላችኋል ሲል ክሩን እሳት ለኮሰበት። የመድረኩ ኃላፊ ከሥሩ የተጻፉትን ስድብ ያዘሉ ምላሾች አጥፍቶ አስጠንቅቆናል። ለእኔ የመሬቱ ባለቤት ማንም ይሁን ማን፣ የገመዱ ባለቤት እማዬ ናት።

መልስ 29 እናት ናቸው፣ ልጄ ብለው ነው የጻፉልኝ። ክስ ከመጀመርሽ በፊት ሁለት ሽማግሌ ይዘሽ የሰውየውን ደጅ ርገጪ፣ እናትሽ በዚያ ሰፈር ነገም እሳት የምትጭረው ከእሱ ቤት ነው አሉኝ። እማዬም ያለችው ይህንኑ ነው።

እስካሁን ያደረግሁትን ልንገራችሁ። ለቅሬታ ሰሚው በጽሑፍ አስገብቻለሁ፣ ገቢ ቁጥር አለው። ጠበቃ አግኝቼ የሁከቱ ክስ በመጋቢት እንዲገባ ተስማምተናል፣ ክሱ ላይ መሬት አስተዳደሩ ለክቶ እንዲያቀርብ ይታዘዝልን የሚል ጥያቄ አለበት። ሁለት የእድር ሽማግሌዎች ይዘን ጎረቤታችን ዘንድ ሄድን። ሰውየው አልተቆጣም። እኔም ካርታ አለኝ፣ ይለካ፣ ካለፈ ቆርቆሮውን ራሴ እነቅላለሁ አለ። ሽማግሌዎቹ ይህንን በወረቀት ያስፍር ሲሉት ግን ቡናው ሁለተኛ ሳይደርስ ሥራ አለብኝ ብሎ ተነሣ።

ባለፈው እሑድ ደግሞ በቀያሹ ምክር ድንጋዩን ፍለጋ ቆፈርን። በመንገዱ በኩል ምንም የለም፣ የውሃ ቱቦ ሲቀበር ሳይወጣ አልቀረም። በጓሮ በኩል ያለውን ማዕዘን ስንቆፍር ክንድ ያህል ወርደን ሲሚንቶ ነካን። ራሱ ላይ ቀይ ቀለም ነበረበት፣ አሁን ጥቂት ነው የቀረው። ከቆርቆሮው ሥር ሾልኮ ግማሹ እኛ ጋ ግማሹ እሱ ጋ ነው። ፎቶ አንሥቼ አፈሩን መልሻለሁ።

ጥያቄዬ ለመልስ 14 ነው፣ ተቆጥተህ ካልሄድክ። ማዕዘኑ እዚያ ከሆነ ባሕር ዛፉ የእኛ ነው ወይስ የእሱ? ዛፉ ከችካሉ ወደ መንገዱ አሥራ ሁለት እርምጃ ይርቃል፣ ቆርቆሮው ደግሞ ከችካሉ ተነሥቶ ወደ መንገዱ ሲሄድ ወደ እኛ ይጣመማል።